ከሣሩ ክምር ጀርባ

በቀርቀና ደሴቶች ያለችው የዓጣያ መንደር ዓሣ አጥማጆች ባሕራቸውን ያውቁታል፤ ችግሩ የሚያውቁትን ለማያውቅ ሰው ማስረዳቱ ላይ ነበር። የቱ ሥፍራ ዓሣ እንደሚራባበት፣ የቱ ባዶ እንደሆነ የጠየቃቸው ሰው የሚያገኘው መልስ «ሂድና እየው፤ ባሕሩ ራሱ ይነግርሃል» የሚል ነው። ከባሕሩ ማዶ ስፋቅስ ከተማ ለተቀመጠው የዓሣ ሀብት ቢሮ ግን ባሕሩ ምንም አልነገረውም። ቢሮው አንድ ቀን ለአጥማጆቹ ማኅበር ማሳሰቢያ ላከ፤ በቀርቀና ደሴቶች ዙሪያ ካለው ጥልቀት የሌለው ባሕር ውስጥ ዓሣ የሚራባባቸው ቦታዎች በምክንያት ተለይተው ይቅረቡ፤ ምክንያት ያልቀረበለት ቦታ መረብ ለሚጎትቱ ጀልባዎች ይከፈታል የሚል።

መረብ የሚጎትት ጀልባ ባሕሩን እንደ ገበሬ ያርሰዋል፤ ልዩነቱ ከኋላው የሚዘራ አለመኖሩ ነው። የባሕሩን ሣር ከሥሩ ይነቅላል። ከዘንባባ ዝንጣፊ የታጠረውን ሸርፊያ የሚባል የዓሣ ወጥመድ ይበጣጥሳል፤ ኦክቶፐስ የሚደበቅባቸውን የሸክላ ማሰሮዎች ይሰባብራል። በዓጣያ ሸርፊያ የተተከለበት ባሕር ከአባት ለልጅ የሚተላለፍ ርስት ነው። ስለዚህ ማሳሰቢያው በማኅበሩ አዳራሽ ሲነበብ የተነሣው ጩኸት ወደቡ ድረስ ተሰማ።

ጩኸቱን ከበረዶ ቤቱ አጠገብ ካለችው ክፍሏ ሆና የሰማችው ረውዳ ግን አልጮኸችም። ማሰብ ጀመረች። ረውዳ በማኅበሩ ውስጥ የበረዶውንና የሚዛኑን ሥራ በኮምፒውተር የምትይዝ ሴት ናት። ስፋቅስ ሄዳ ኮምፒውተር ተምራለች፤ እዚያው ሥራም አግኝታ ነበር፤ የእናቷ የወሲላ ጉልበት አልታዘዝ ሲል ግን ጓዟን ይዛ በመሻገሪያው መርከብ ተመለሰች። ዕድሜዋ ሠላሳውን ተሻግሯል፤ አላገባችም፤ ይህም ለመንደሩ ወንዶች ከዓሣ ዋጋ ቀጥሎ ያለ የጨዋታ ርዕስ ነው። የዚያን ዕለት ለማኅበሩ ሊቀ መንበር ለሲ ዓማር፣ ለአቶ ዓማር እንደ ማለት ነው፣ ያቀረበችው ሐሳብ አጭር ነበር። ሽማግሌዎቹ የሚያውቁትን አንድ በአንድ ከአፋቸው ተቀብላ፣ ቢሮው ዐይኑን ጨፍኖ ሊያልፈው በማይችል መልክ ልታስቀምጠው ፈለገች።

«በምን?» አላት ሲ ዓማር።

«በሠንጠረዥ።»

«ሠንጠረዥማ እነሱም አላቸው።»

«የእኔው ይጠይቃል» አለችው።

እዚህ ላይ ቀስ ብለን ነገሩን እንየው፤ ምክንያቱም ውበቱ ቅለቱ ላይ ነው። ረውዳ ስፋቅስ ስትማር አንድ የሒሳብ መምህር ነበሯት። «ሰው ‹ጽንሰ ሐሳብ› ሲል ጭንቅላቱ ውስጥ ያለ ጭስ ይመስለዋል፤ እኔ ግን በመስቀል ምልክት እሠራዋለሁ» ይሉ ነበር። አሠራሩ እንዲህ ነው። በስተግራ የነገሮችን ስም ወደ ታች ትጽፋላችሁ፤ ከላይ ባሕርያትን ትደረድራላችሁ፤ ነገሩ ባሕርዩ ካለው ምልክት፣ ከሌለው ባዶ። በጨው ሜዳችን ላይ የሚያርፉትን ወፎች ውሰዱ። ፍላሚንጎ፣ ሽመላ፣ የባሕር እርግብ። ክንፍ የሚለው ባሕርይ ሦስቱንም ይሰበስባል። ረጅም እግር የሚለውን ስትጨምሩ የባሕር እርግብ ትወጣለች። ሮዝ ቀለም የሚለውን ስትጨምሩ ሽመላም ይወጣል። እያንዳንዱ ስብስብ ሁለት ጎን አለው፤ በአንድ ጎን ወፎቹ፣ በሌላው ጎን ሁሉም የሚጋሩት ባሕርይ። ከሁለቱም ጎን አንዳች ነገር ሳይቀር የተሟላው ስብስብ፣ እሱ ነው አንድ ጽንሰ ሐሳብ።

ለሦስት ወፍ ኮምፒውተር አያስፈልግም። ለመቶ የባሕር ቦታና ለሃያ ባሕርይ ግን የሰው ጭንቅላት ይደክማል፤ ኮምፒውተሩ አይደክምም። የተሟሉትን ስብስቦች በሙሉ ፈልጎ ያወጣና እንደ ዓሣ መረብ ይሥላቸዋል። እያንዳንዱ ቋጠሮ አንድ ጽንሰ ሐሳብ ነው። በክሩ ወደ ላይ ስትወጡ ቦታው ይበዛል፣ የሚጋሩት ባሕርይ ያንሳል፤ ወደ ታች ስትወርዱ ተቃራኒው። መረብ ሲጠግን ላደገ ሰው ከዚህ የሚቀል ሥዕል የለም።

ሥራው በማኅበሩ አዳራሽ፣ ሻይ እየተቀዳ ተጀመረ። በዕድሜም በድምፅም ሁሉን የሚበልጠው ዓም ሻድሊ፣ አጎት ሻድሊ እንደ ማለት ነው፣ መሐል ተቀመጠ፤ በመንደሩ የሸርፊያ አጥር ሲተከል ዝንጣፊው የት እንደሚቆም የሚያሳየው እሱ ነው። ከጥጉ ደግሞ ዓም መብሩክ ነበር፤ የኦክቶፐስ ማሰሮ ጣይ፣ ከንግግር ይልቅ ማጤስ የሚወድ። ሌሎችም ሽማግሌዎች ግድግዳውን ተደግፈው ተቀምጠዋል።

«ዋድ ሚሙን የሚባለው ቦታ» አለች ረውዳ፤ «ሣር አለው?»

«አለው» አለ አንዱ።

«ሣር? ጢምህን አይተህ ነው?» አለ ዓም ሻድሊ፤ «ሣሩ ያለቀው አባትህ በሕይወት እያለ ነው!»

«ዓም ሻድሊ፣ እኔ የምፈልገው አንድ ምልክት ነው። አለው ወይስ የለውም?»

«ልጄ፣ ባሕር እንደ አማት ነው። ዛሬ ስቃ ታጎርስሻለች፣ ነገ በሩን ትዘጋብሻለች። እንዴት አድርገሽ ነው በምልክት የምትይዣት?»

«ላላገባች ልጅ ስለ አማት ታወራላታለህ?» አለ ሲ ዓማር።

«ማን ነው ያላገባች ያለው? ኮምፒውተሩን አግብታ የለ እንዴ! አማቷን ነው ያላየነው።»

«አማቴማ መብራቷ ናት» አለች ረውዳ ከቁልፍ ሰሌዳው ላይ ጣቷን ሳታነሣ፤ «ሲያሻት ጥላኝ ትሄዳለች። ሣር አለው ወይስ የለውም?»

አዳራሹ ሳቀ፤ ዋድ ሚሙንም «ሣር ሳሳ ያለ» የሚል አዲስ ዓምድ አስገኘ። ሥራው በዚህ መልክ ሄደ። የአንዱ ቦታ ክርክር አንድ ብርጭቆ ሻይ ይፈጃል፤ አንዳንዱ ማንቆርቆሪያውን ያስጨርሳል። ታችኛው አሸዋ ነው፣ ጭቃ ነው ወይስ የዛጎል ስብርባሪ? ባሕሩ ሲሸሽ ይደርቃል? የጠለቀ የውሃ መሄጃ ያልፍበታል? ኦክቶፐስ በብርዱ ወራት ይገኛል? የዓሣ ጫጩት በጸደይ ይታያል?

ከዚያ አንድ ቀን መረቡ ተሣለ። ረውዳ በማኅበሩ አሮጌ ማተሚያ አትማው ግድግዳው ላይ ለጠፈችውና ሽማግሌዎቹ መነጽራቸውን አውጥተው ከበቡት። መጀመሪያ ያደረጉት እያንዳንዳቸው የገዛ ሸርፊያቸውን መፈለግ ነበር። ቀጥሎ አንድ እንግዳ ነገር ታየ። ሦስት ቦታዎች፣ አንዱ በስተ ሰሜን፣ አንዱ ከመንደሩ ፊት፣ አንዱ ደግሞ የግማሽ ቀን መንገድ ርቆ፣ አንድ ቋጠሮ ላይ ተንጠልጥለዋል። ማንም ሰው ሦስቱን በአንድ ስም ጠርቷቸው አያውቅም።

«ተሳስቷል» አለ ዓም ሻድሊ።

«ምልክቶቹን የሰጠኸኝ አንተ ነህ» አለች ረውዳ።

ዓም መብሩክ ሲጋራውን ከአፉ አወጣ። «አልተሳሳተም» አለ፤ «በሦስቱም ውሃው ሲመለስ ይዞራል። ዞሮ የያዘውን ይጥላል። ለዚህ ነው ማሰሮዬ እዚያ የሚሞላው። አስቤው አላውቅም እንጂ... አዎ። አንድ ናቸው።»

ወዲያው ስም ወጣላቸው፤ «መዞሪያ» ተባሉ። ልብ በሉ፤ ኮምፒውተሩ ስለ ውሃ መዞር አንዳች አያውቅም፤ የሚያውቀው ምልክቶቹን ብቻ ነው። ግን በምልክቶቹ ውስጥ ተኝቶ የነበረውን ነገር ቀሰቀሰ፤ ስሙን ያገኘለት ሰው ነው። ረውዳ የዚያን ዕለት ቤቷ ስትገባ እናቷ «ሎተሪ ደረሰሽ እንዴ?» ብላታለች።

የቀረው ሁለተኛው ሥራ ነበር፤ ለሲ ዓማር «ይጠይቃል» ብላ የነገረችው። ኮምፒውተሩ ሠንጠረዡን ያይና ደንብ የሚመስል ነገር ሲያገኝ ይጠይቃል፤ «ይህ ባሕርይ ያለው ቦታ ሁሉ ያኛውም ባሕርይ አለው። እውነት ነው?» ይላል። ሽማግሌዎቹ «እውነት ነው» ካሉ ደንቡ ይመዘገባል። «አይደለም» ካሉ ግን በባዶ አይሆንም፤ ደንቡን የሚያፈርስ አንድ ቦታ አምጡ ይላቸዋል። አንድ ብቻ ይበቃል። አንድ ቦታ ሺህ ቦታ የደገፈውን ደንብ ይጥላል። ጥያቄው ሲያልቅ፣ ያልተጻፉት ቦታዎች እንኳ ሳይቀሩ በደንቦቹ ውስጥ ይጠቃለላሉ፤ ሁሉን ቦታ መቁጠር አያስፈልግም። ቢሮው የሚፈልገው «ምክንያት» ይኸው ነበር።

ጥያቄው ሞቅ ብሎ ሄደ። ሽማግሌዎቹ ደንብ ማፍረስ እንደ ጨዋታ ወደዱት፤ ኮምፒውተሩ አንድ ነገር ባለ ቁጥር «ውሸታም! የሙሳ ድንጋይስ?» እያሉ ይጮኹበት ጀመር። ከዚያ አንድ ጥያቄ መጣና ረውዳ አነበበችላቸው፤

«ሣር የሌለውና ባሕሩ ሲሸሽ የሚደርቅ አሸዋ ሁሉ የዓሣ ጫጩት የለውም። እውነት ነው?»

ዓም ሻድሊ ሻዩን አማሰለ፤ ስኳሩ ከሟሟ ቆይቷል። ዓም መብሩክ የሲጋራውን ጫፍ ተመለከተ። ሲ ዓማር በመስኮት ጀልባዎቹን ያያል።

«እውነት ነው» አለ ዓም ሻድሊ በመጨረሻ።

«እውነት ነው» አሉ ሌሎቹም ከግድግዳው ሥር። «ደረቅ አሸዋ ላይ ምን ይገኛል!»

ረውዳ ከዚያ ሁሉ ክርክር በኋላ አንድ ነገር ላይ ያለ ጠብ መስማማታቸውን እንደ በረከት ቆጠረችው። አዎ የሚለውን ነካች። ማለፍ ያልነበረባት እዚህ ላይ ነው፤ የሽማግሌዎቹ መስማማት ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ ነበር።

ደንቦቹ ወደ ስፋቅስ ተላኩ። በቢሮው ጉዳዩን የያዘችው ሰልዋ የምትባል የባሕር ተመራማሪ ነበረች፤ ቀርቀና መጥታ በጀልባ እየዞረች ባሕሩን የለካች፣ ሥራዋን የምታከብር ሴት። ስልክ ስትደውል ድምፅዋ ደስታ ነበረበት። «ረውዳ፣ ሽማግሌዎችሽ ያሉትና እኔ የለካሁት ገጠመ! እንዲህ ያለ ነገር አይቼ አላውቅም።» ብዙም ሳይቆይ የመጀመሪያው ካርታ መጣ። የሣሩ መስኮች ተጠብቀዋል፤ መዞሪያዎቹ ተጠብቀዋል። ሣር የሌለው ደረቅ አሸዋ ግን በሙሉ ለጎታቾቹ ክፍት ተደርጓል። ባሕሩ ሲሞላ ትናንሾቹ ጎታቾች በላዩ ሊሄዱበት ይችላሉ። መጪው የኦክቶፐስ ወቅት ሲገባ ካርታው ይጸናል።

ሲ ዓማር ካርታውን አዳራሹ ውስጥ ሰቀለው። ሽማግሌዎቹ መጡ፤ አዩ፤ «አልሐምዱ ሊላህ፣ ደግ ነው» አሉና ሄዱ።

በማግስቱ ረውዳ በረዶ ቤቱን ስትዘጋ ዓም መብሩክ ከጥላው ውስጥ ወጣ።

«የሚሰማ አለ?»

«በረዶው ብቻ።»

«በረዶ ይቀልጣል፤ ጥሩ ነው።» ወደ ኋላው አየና ድምፁን ዝቅ አደረገ። «አንድ አሸዋ አለኝ። አባቴ ነው ያሳየኝ። ሣር የለውም፣ ባሕሩ ሲሸሽ ይወጣል። በጸደይ የዓሣ ጫጩት እንደ ቆሎ ይፈላበታል፤ እሱን ፍለጋ የሚመጣውን እኔ እይዛለሁ። ልጆቼ እንኳ አያውቁትም። እዚያ ካርታ ላይ ክፍት ሆኗል።»

«ታዲያ ስጠይቅ ለምን እውነት ነው አልክ?»

«በሻድሊ ፊት? የምበላበትን ሳህን ለሚርበው ሰው ላሳይ? ደግሞ አንድ አሸዋ ነው፤ አንድ አሸዋ ምን ያህል ያጣምማል ብዬ ነው።»

«ዓም መብሩክ፣ አንዱ ነው እኮ ሁሉን የሚያፈርሰው!»

«ይህን ጮክ ብለሽ አልነገርሽንም» አለ፤ ረውዳ ብላ ነበር፣ ግን አልተከራከረችውም።

ከዚያ ወዲያ ሲ ዓማር ሞተር ብስክሌቱን አቁሞ ስለ ሚዛኑ ሊጠይቅ ገባ፤ ስለ ሚዛኑ አልጠየቀም። እሱም አንድ አሸዋ አለው። ሌሎችም በየተራ መጡ፤ አንዱ በረዶ ሊገዛ፣ አንዱ ስልክ ሊያስደውል። በመጨረሻ ዓም ሻድሊ ራሱ የደረቀ ኦክቶፐስ በእጁ አንጠልጥሎ ቤቷ መጣ።

«ወሲላ፣ ጉልበትሽ እንዴት ነው?» አለ ከደጃፉ።

«ከአምና ጀምሮ ታሟል፤ ዛሬ ምን አስታወሰህ?» አለች እናቷ።

«ለገብስ ሾርባ የሚሆን ያዝኩልሽ። ረውዳ የለችም?»

ረውዳ ወጣች። ሽማግሌው ጆሮዋ ሥር ጎንበስ አለ። «ልጄ፣ በዚህ ደሴት ላይ እኔ ብቻ የማውቀው አንድ አሸዋ አለ...»

ረውዳ ሳቋ መጣ፤ ቀጥሎ እንባዋ መጣ፤ ሁለቱንም ዋጠቻቸው። እስቲ አስቡት። አዳራሹ ውስጥ የተቀመጠው ሰው ሁሉ ደንቡ ሐሰት መሆኑን ያውቅ ነበር። እያንዳንዱ የሚያፈርስበት ቦታ ነበረው። እያንዳንዱ ደግሞ ብቻውን የሆነ መስሎት ዝም አለ። ስለዚህ እያንዳንዱ ለየብቻው የሚክደው ነገር፣ ሁሉም አንድ ላይ ሲሆኑ እውነት ሆኖ ተመዘገበ። ኮምፒውተሩ አልተሳሳተም፤ የተነገረውን ይዞ ነው የሄደው። የተሳሳተው አጠያየቁ ነበር፤ የተደበቀ የዓሣ ቦታ በጉባኤ ፊት የሚያወጣ አጥማጅ ዓጣያ ውስጥ አልተወለደም። ረውዳን ያናደዳት የዓጣያ ልጅ ሆና ይህን መርሳቷ ነው።

ለሰልዋ ደወለች።

«አንዱ ደንብ ሐሰት ነው። የደረቁ አሸዋ ደንብ።»

«የሚያፈርሰው ቦታ የት ነው?»

«አለ። ብዙ አለ።»

«የት?»

«ልነግርሽ አልችልም።»

«ረውዳ፣ እኔ አምንሻለሁ። አለቃዬ ግን ስሙ የማይነገር ቦታ ካርታ ላይ አያወጣም። የኦክቶፐሱ ወቅት ሳይጀመር አንድ የሚታይ ነገር ስጪኝ።»

ወንዶቹን አጋልጣ ብትሰጥ፣ ምስጢራቸው በስፋቅስ ካርታ ላይ ይሰቀላል፤ ከዚያ በኋላ ዓጣያ ውስጥ ማንም አንዳች አይነግራትም። ዝም ብትል ደግሞ ጎታቹ ሁሉንም ያርሰዋል። ረውዳ ሁለቱን እያመዛዘነች ቆየችና ወደ ሠንጠረዡ ተመለሰች፤ ያን ጊዜ አንድ ነገር በራላት። ሠንጠረዡ ስም አያስፈልገውም! ለኮምፒውተሩ አንድ ቦታ ማለት የምልክቶቹ ረድፍ ነው። የት እንዳለ፣ የማን እንደሆነ አይጠይቅም።

ስለዚህ አንድ በአንድ፣ ለየብቻ ጠራቻቸው። ክፍሏን ዘጋች። የቦታውን ስምና አቅጣጫ እንዳይነግሯት ለመነቻቸው፤ በምትኩ ለየአሸዋው ከቅመም ስም አወጡለት። የመብሩክ «ከሙን» ተባለ፣ የሲ ዓማር «ድንብላል»።

«የእኔ በርበሬ ይሁን» አለ ዓም ሻድሊ። «ደረቅና ኃይለኛ።»

ቅመሞቹ ገቡ፤ ደንቡ ፈረሰ። ነገር ግን አዲስ ችግር መጣ። የቅመሞቹ ረድፍ ከባዶዎቹ አሸዋዎች ረድፍ ጋር ከጫጩቱ በቀር አንድ ነበር። ሁለት ነገር በሁሉም ምልክት እየተመሳሰለ በአንዱ የሚለያይ ከሆነ፣ ልዩነቱን የሚያመጣው ባሕርይ ገና አልተጠየቀም ማለት ነው። ሠንጠረዡ ላይ አንድ ዓምድ ጎድሏል። የትኛው? ኮምፒውተሩ መጉደሉን ያሳያል፤ የጎደለውን አያውቅም።

ረውዳ በየባሕርዩ መጠየቋን ተወችና ሌላ መንገድ ሞከረች። «እዚያ የሄድክበትን አንድ ቀን ተርክልኝ» አለቻቸው፤ «ከቤት ከወጣህ ጀምሮ። አቅጣጫውን ብቻ ዝለለው።»

ዓም መብሩክ ለወትሮው ቃል የሚቆጥበው ሰው ብዙ አወራ። ነፋሱን አወራ፣ ቁርሱን አወራ። «ከዚያ ጀልባዬን ከሣሩ ክምር ላይ አሰርኩና በእግሬ ወረድኩ» አለ።

ሲ ዓማርም ሲተርክ «ክምሩ ጥላ ሆኖኝ ተቀመጥኩ» አለ። ረውዳ ቀና አለች። ዓም ሻድሊ ጋ ስትደርስ ቀጥታ ጠየቀችው።

«ጀልባህን የት አስቆምክ?»

«የት ይቆማል? ከክምሩ ጀርባ ነዋ።»

ክምር የሚሉት ማዕበል የነቀለው የሞተ የባሕር ሣር ነው፤ ቅጠሉ እየተጎነጎነ እንደ ግድብ ይቆለላል። ወንዶቹ የቦታው ባሕርይ ነው ብለው አስበውት አያውቁም፤ ለእነሱ ጀልባ ማሰሪያ ነው። ሰልዋ ደግሞ አልደረሰችበትም፤ የጀልባዋ ሞተር ክንፍ በሣሩ እንዳይጠላለፍ ነጂው ከክምሮቹ ይርቅ ነበር። አንዱ ስለለመደው፣ ሌላዋ ስለራቀችው፣ ያንኑ አንድ ነገር ሁለቱም ሳያዩት ቀሩ። ረውዳ ወደ ባዶዎቹ አሸዋዎች ተመልሳ ጠየቀች፤ «ከሣር ክምር ጀርባ ነው?» አይደለም፤ አይደለም፤ አይደለም። አዲሱ ዓምድ ገባ። መረቡ እንደገና ተሣለ፤ ቅመሞቹ ሁሉ ከባዶዎቹ ተለይተው አንድ ቋጠሮ ላይ ተሰበሰቡ።

«ክምሩ ውሃውን ያቆየዋል» አለች ሰልዋ በስልክ፤ በማግስቱ በመሻገሪያው መጥታ መረቡን በዐይኗ አየችው። «አሸዋው እንዳይሞቅና ጨርሶ እንዳይደርቅ ያደርገዋል። ይሆናል። በጣም ይሆናል! ግን አሁንም ወረቀት ነው ረውዳ። አንድ ክምር ልለካ።»

«አንድ ክምር ካሳየሁሽ የአንድ ሰው ነው።»

«እንግዲያስ?»

«ሁሉንም ክምር እንለካለን። በደሴቶቹ ዙሪያ ያለውን በሙሉ፣ የማንም ያልሆነውንም። ደንቡ እውነት ከሆነ እዚያም ጫጩት ይገኛል። ካርታው ላይ ‹ከክምር ጀርባ ያለ አሸዋ› ተብሎ በጥቅሉ ይጠበቃል፤ የማን ምስጢር የቱ እንደሆነ ማን ይለየዋል?»

ሰልዋ አለቃዋን አስማምታ ካርታው እስከ ኦክቶፐሱ መግቢያ እንዲቆይ አደረገች። ከዚያ የሚበልጥ ጊዜ አልተገኘም።

አሁን ረውዳ ባሕሩ በሸሸ ቁጥር ቀሚሷን ሰብስባ፣ የእናቷን የዱቄት ወንፊት ይዛ ከክምር ወደ ክምር ትሄዳለች። እናቷ ወንፊቱን ይቅር ብላታለች፤ የቀሚሱን ጨው ግን ገና ነው። ሽማግሌዎቹ ከጀልባቸው ላይ ሆነው በዐይናቸው ይከተሏታል፤ አንዳንዱ ወደ አንድ ወገን ስትታጠፍ ያስለዋል። ዓም ሻድሊ በቀደም ዕለት ከሩቅ ጮኸባት፤

«ረውዳ! እዚያ ምንም የለም፣ ባትደክሚ ይሻላል!»

«ሁሉንም ነው የማየው፣ ዓም ሻድሊ!»

«እሺ፣ እሺ፤ ግን ቶሎ እለፊ!»

ከአብዛኞቹ ክምሮች ጀርባ ወንፊቱ ጫጩት ያወጣል፤ እንደ መርፌ የቀጠኑ፣ ብርሃን የሚያሳልፉ። ደንቡ ግን ገና አልጸናም። በስተ ምሥራቅ ሁለት ክምሮች ተገኝተዋል፤ ከጀርባቸው ውሃ አለ፣ ጫጩት የለም። ሰልዋ ጊዜው ስላጠረ እንዝለላቸው ብላ ነበር። ረውዳ እንቢ አለች፤ ሁለቱም ሠንጠረዡ ውስጥ ገብተዋል፤ ኮምፒውተሩም «ከክምር ጀርባ ያለ አሸዋ ሁሉ» ማለቱን አቁሟል። ሌላ ዓምድ ጎድሏል ማለት ነው። የሁለቱ ክምሮች ሣር ገና አረንጓዴ ነበር፤ አምና የተከመረው ጥቁርና የታመቀ ነው። ምናልባት ክምሩ እስኪታመቅ ውሃውን አይዝም ይሆናል፤ ምናልባትም የሚበሰብሰው ሣር የጫጩቱን ምግብ ያበቅላል። ረውዳ ለጊዜው «ያረጀ ክምር» የሚል ዓምድ ከፍታ አስቀምጣለች፤ አብዛኛው ረድፍ ባዶ ነው። ወቅቱ ሳይገባ እሱን ለመሙላት ከክምሮቹ ላይ እፍኝ እፍኝ ሣር እየቆረጠች፣ የቱ አሮጌ የቱ አዲስ እንደሆነ በጣቷ እየለየች፣ ወንፊቷን ከጀርባው ትነክራለች።